ሁለት ጊዜ የተጠራችው

ሙታን የሚጠሩት ረቡዕ ረቡዕ ጠዋት ነው። ከተማው ይህን ለምዶታል። በላይኛው መቃብር አጥር ሥር የሚያልፈው አውቶቡስ እዚያ ሲደርስ ድምፁን ይቀንሳል። ዳቦ የሚያዞሩት ሴቶች ወደ ማዶ ተሻግረው ያልፋሉ። በግንቡ ጥግ ኳስ የሚጫወቱት ጎረምሶች እንኳ ኳሷን በእግራቸው ይዘው እስኪያልቅ ይቆማሉ። ድምፁ ከየት እንደሚመጣ የሚጠይቅ የለም። የሴትም የወንድም ያልሆነ፣ የማይቸኩል፣ ትሑት ድምፅ ነው። ከአንዱ ሐውልት ወደ ሌላው እየሄደ ስም ይጠራል፤ በዕረፍት ጉባኤ ፊት ቀርበው መልስ ይስጡ ይላል። ትንሽ ይጠብቃል። ደግሞ ይጠራል። ትንሽ ይጠብቃል። ከዚያ ወደሚቀጥለው ያልፋል።

የዕረፍት ጉባኤ ማን በመቃብሩ እንደሚቆይ፣ ማን እንደሚነሳ የሚወስነው ነው። መሬት ካነሰ ወዲህ እያንዳንዱ ሟች በአፈር ውስጥ የሚቆይበት ምክንያት ሊኖረው ይገባል። ምክንያት ያልተገኘለት አጥንቱ ተነስቶ ከከተማው በታች ወዳለው የጋራ ማረፊያ ይወርዳል። ማረፊያው ንጹሕና ደረቅ ነው ይባላል። ስም ግን አይያዝበትም። የወረደ ሰው የት እንደተኛ የሚያውቅ የለም፤ ጉባኤው ራሱም አያውቅም።

በጉባኤው ውስጥ ሰው የለም። ሕጉ ግን የሰው ሕግ ነው፤ ያልተጠራ አይፈረድበትም ይላል። ስለዚህ ጉባኤው ሙታንን ይጠራል። የጉዳዩ ባለቤት ሟቹ ነው። ካልቀረበ በሌለበት ይወሰናል።

በሚስቴ በትጓደድ ላይ የተወሰነው እሷ በሌለችበት ነው።

ትጓደድ በረጃጅም ሕንጻዎች ግድግዳ ላይ ችግኝ የምትተክል ሴት ነበረች። ቀኑን በገመድ ተንጠልጥላ ውላ ማታ ጥፍሯ ውስጥ አፈር ይዛ ትገባለች። እኔ በዚያው ሕንጻ ሊፍት እጠግን ነበር። የተያየነው በመስኮት መስታወት ነው፤ እሷ በውጭ፣ እኔ በውስጥ። ልታናግረኝ ስትፈልግ ሁለት ጣቷን አፏ ውስጥ ከታ ታፏጫለች፤ ያኔ ከሥር መንገድ ላይ ያለው ሰው ሁሉ ቀና ይላል። ሴት ልጅ አታፏጭም ብለው እናቷ ሲቆጧት «ታዲያ እዚያ ላይ ሆኜ በምን ልጥራው?» ትል ነበር። አንድ ክረምት ትኩሳት ይዟት ገባች። ብርድ ነው ብለን ነበር። ብርድ አልነበረም።

እናቷ እማማ ላቀች ከዚያ ወዲህ ከእኔ ጋር ይኖራሉ። ልጅ ሳይኖር አማትና አማች በአንድ ጣሪያ ሥር መክረማቸው ጎረቤቱን ያስገርመዋል። እኛን አይገርመንም። ስለ እሷ ሳያስረዱ የሚያወሩት ሰው ለእኔ እሳቸው ናቸው፤ ለእሳቸውም እኔ። ቀናቸው ሲደርስ ከልጃቸው ጎን እንዳስገባቸው ቃል አስገብተውኛል። ይህን የሚነግሩኝ እንደ ተራ ነገር፣ ሽንኩርት እየላጡ ነው።

ውሳኔውን ያወቅነው አንድ እሑድ መቃብሩ ላይ ስንደርስ ነው። ድንጋዩ ላይ ፈዛዛ ሰማያዊ ክብ ወጥቶ ነበር። በየሐውልቱ አይተነው እናውቃለን፤ ከመስቀል በኋላ ትነሳለች ማለት ነው። እማማ ላቀች ጎንበስ አሉና የልጅ ግንባር እንደሚነካ ሰው መዳፋቸውን ክቡ ላይ አሳረፉ።  በማግሥቱ ወደ ጉባኤው መስኮት ሄድኩ።

መስኮቱ ንጹሕ ነው፤ ሰልፍም የለበትም። ያ የረቡዕ ድምፅ በጣም በአክብሮት ምን ልርዳዎት አለኝ። በውሳኔው ላይ ይግባኝ ማለት እንደምፈልግ ነገርኩት።

«ባለጉዳይዋ እርስዎ ነዎት?»

«ባሏ ነኝ።»

«ባለጉዳይዋ ወይዘሮ ትጓደድ ናቸው። እሳቸው ሲመጡ እንቀበላቸዋለን።»

ፌዝ መስሎኝ መስኮቱን ትኩር ብዬ አየሁት። ፌዝ አልነበረም። ሌላ መንገድ እንዳለ ስጠይቅ ሳይሰለች አስረዳኝ። በሌለበት የተወሰነበት ሰው ያልቀረበበትን በቂ ምክንያት አስረድቶ ውሳኔው እንዲነሳለት መጠየቅ ይችላል። ምክንያቱን ተናገርኩ። ሞት በቂ ምክንያት ቢሆን ኖሮ ጉባኤው ሥራ ባልኖረው ነበር አለኝ። እንግዲያው ወደ ላይ ይግባኝ የምልበት ፈቃድ ይሰጠኝ ልል አፌን ስከፍት፣ ገና ቃሉ ሳይወጣ፣ ፈቃዱ እንዳልተሰጠኝ ነገረኝ። ፈቃድ የሚሰጠው ጉባኤው ተሳስቻለሁ ብሎ ካመነ ነው። ካመነ ደግሞ ራሱ ያርመዋል፤ ይግባኝ አያስፈልግም። ካላመነ ፈቃድ የለም።

ከመስኮቱ ወጥቼ መንገዱ ዳር ቆምኩ። የተሰማኝ ቁጣ ነበር ብል ደስ ይለኝ ነበር። የተሰማኝ ግን ትልቅ ገደል አፋፍ ላይ የቆመ ሰው የሚሰማው ነገር ነው። የጉባኤው ነገር አንድም ቦታ ላይ ስንጥቅ አልነበረውም። እጄን የማስገባበት አጣሁ።

የቀረው ላዕላይ ችሎት ነው። ላዕላይ ችሎት ከእንጦጦ ወገብ ውስጥ ተፈልፍሎ የተሠራ ነው፤ እዚያ ውስጥ ሰው የሆኑ ዳኞች አሉ ይባላል። ከእኛ ሰፈር ያያቸው አልነበረም። የጉባኤውን ፈቃድ ያላገኘ ሰው በራሱ እግር ወጥቶ በወንፊቱ ማለፍ ይችላል። ወንፊት የሚሉት አንድ ክፍል ነው፤ የሚቀርበውን የሚያስቀርበው ወይም የማያስቀርበው እሱ ነው። አንድ ሰው በአንድ ውሳኔ ላይ አንዴ ብቻ ይገባል። ወንፊቱ የሚሰማው የሕግ ጥያቄን ብቻ ነው። ፍሬ ነገር ከሰማ፣ ማለትም ማን፣ የት፣ መቼ፣ ምን ሆነ የሚል ነገር ከሰማ፣ በጎን ያለውን በር ይከፍታል። የጎኑ በር ወደ ተራራው ቁልቁለት ነው የሚያወጣው።

ወደ ላይ ስወጣ መጀመሪያ ያየሁት ሰዉን ነው። በባሕር ዛፉ መሐል፣ በድንጋይ ላይ፣ በዣንጥላ ሥር፣ ስንቅ የያዘ ሰው ተራራውን ሞልቶታል። ሁሉም ያጉተመትማል። ከሩቅ ሲሰማ ምህላ ይመስላል። ቀረብ ስል ሰው የሌለበትን ዓረፍተ ነገር እየተለማመዱ መሆኑ ገባኝ። አንዲት ወጣት ሴት ዓይኗን ጨፍና «የሥር ጉባኤ የሥልጣኑን ወሰን በሚመለከት» ትላለች፤ ትንሽ ትቆይና «ልጄን» ብላ ታቋርጣለች፤ ራሷን ነቅንቃ እንደገና ትጀምራለች።

ጋሽ ነስሩን ያገኘሁት እዚያ ነው። የወንድሙን ጉዳይ ይዞ የወጣ፣ ረጅም፣ ቀልደኛ ሰው ነው። ተራራው ላይ ስለቆየ ሰልፉን የሚመራው እሱ ይመስላል፤ የሚሰጠው ምክር ግማሹ ስህተት መሆኑን ሁሉም ያውቃል፣ ሁሉም ግን ይጠይቀዋል። የተዘጋጀሁበትን ነገር አሰማኝ አለኝ። ጀመርኩ። በመጀመሪያው ቃል አስቆመኝ።

«ሚስቴ አትበል። ሚስት ፍሬ ነገር ናት።»

«ታዲያ ምን ልበል?»

«ግራ ቀኙ በል። የሥር ጉባኤ በል። በጠቅላላው ሰው ያለበት አይምሰል።»

ይህን ያህል የሚያውቅ ሰው ለምን እስካሁን እንዳልገባ ጠየቅኩት። ስንቁን ፈትቶ ከቆሎው እያካፈለኝ፣ «እኔማ ወንድሜን እወደዋለሁ» አለ። «የሚያልፉት የማይወዱት ናቸው።» ከጀርባችን ያሉት ሳቁ። እሱ አልሳቀም። ሁለታችንም ደብረ ሊባኖስ የሚሄድ መንገደኛ መስለናል፤ ምን ለማለት እንደመጣን ከአፋችን ማውጣት የማንችል መንገደኞች።

ተራዬ ደረሰ። ክፍሉ ነጭ ነው፤ ብርሃኑ ከየት እንደሚገባ አይታወቅም። ፊት ለፊት ከፍታው ሦስት ሰው የሚያህል የድንጋይ በር አለ። ላዩ ላይ የእጅ አሻራ እንኳ የለም። በጎን በኩል ደግሞ መጠነኛ በር፣ መሬቱ በጫማ የተበላ። ገና ሳልናገር የትኛው እንደሚከፈት ያወቅኩ መሰለኝ።

ያጠናሁትን ተናገርኩ። በሌለበት የተወሰነበት ባለጉዳይ፣ ፈቃድ ሰጪውና ውሳኔ ሰጪው አንድ ሲሆን፣ የይግባኝ መብት አለ ይባላል ወይ አልኩ። ጥሩ ነበር። ድምፁም፣ ያው ድምፅ፣ ጥያቄው እየታየ ነው አለ። ከዚያ በዚያው ትሕትና ጠየቀኝ።

«ባለጉዳይዋን በምን ያውቋቸዋል?»

«በፉጨቷ» አልኩ።

ቃሉ ከአፌ እንደወጣ አወቅኩት፤ ግን ከጀመርኩ በኋላ ማቆም አልቻልኩም። ስለ መስታወቱ፣ ስለ ገመዱ፣ በጥፍሯ ውስጥ ስላለው አፈር ተናገርኩ። ድምፁ አላቋረጠኝም። ስጨርስ «አያስቀርብም» አለ፤ የጎኑ በር ድምፅ ሳያሰማ ተከፈተ። ነፋሱ ገባ።

ቤት ስደርስ እማማ ላቀች ፊቴን አይተው አልጠየቁኝም። ራት ከበላን በኋላ ግን ምን እንደተባልኩ ነገርኳቸው። የሕግ ጥያቄ ማለት ምንድን ነው አሉኝ። ሰው የሌለበት ጥያቄ ነው አልኳቸው።  ያ ጉባኤ ሥራውን እንዴት ነው የሚሠራው፣ ሕጉ ምን ያዘዋል ብለው ጠየቁኝ። የማውቀውን ነገርኳቸው፦ ይጠራል፣ ይጠብቃል፣ ይወስናል። መጥራቱ ግዴታ ነው ወይ አሉ። ግዴታ ነው አልኩ። ተነሥተው ሳህኖቹን ሰበሰቡና እኔ እወጣለሁ አሉኝ። አቀበቱን፣ ብርዱን፣ ጉልበታቸውን እያነሳሁ ልመልሳቸው ሞከርኩ።

«ጉልበቱ የእኔ ነው፣ አግደው» አሉኝ፣ ስሜን ጠርተው። «አንተ ምን አገባህ?»

በማለዳ ወጣን። መንገድ ላይ ምን እንደሚሉ እንዲለማመዱ ብለምናቸው አይሆንም አሉ። ላይ ስንደርስ ጋሽ ነስሩ ከርቀት አየንና ከተቀመጠበት ተነሥቶ ድንጋዩን ለቀቀላቸው። ምን ሊሉ እንደመጡ ጠየቃቸው።

«ልጠይቅ ነው።»

«ማንን ነው የሚጠይቁት፣ እናቴ?»

«ያለውን» አሉ።

አረጋዊን ደግፎ መግባት ይፈቀዳል፤ ደጋፊው ግን አይናገርም። ክንዳቸውን ይዤ ገባሁ። እማማ ላቀች ነጩን ክፍል ዙሪያውን አዩ፤ ከዚያ ትልቁን የድንጋይ በር ትክ ብለው ተመለከቱ። ድምፁ ጥያቄዎን ያቅርቡ አለ። ነጠላቸውን አስተካከሉ።

«ጠሪ የሆነ፣ ሰውን ጠርቼው አልመጣም ለማለት ስንት ጊዜ መጥራት አለበት?»

ጸጥ አለ። እዚያ ክፍል ውስጥ ጸጥታ ሰምቼ አላውቅም ነበር፤ ለእኔ ሁሉንም ወዲያው ነበር የመለሰልኝ። ክፍሉ የሚያስብ መሰለኝ። እማማ ላቀች ምንጭ ዳር የውሃ ተራ እንደሚጠብቅ ሰው በትዕግሥት ቆሙ።

«ጥያቄው ይደገም» አለ ድምፁ።

ደገሙት። አንድም ቃል አልጨመሩም፣ አንድም አልቀነሱም። አሁንም ጸጥ አለ።  በመጨረሻ «ያስቀርባል» አለ፤ ያን ቃል ሲናገር ድምፁ ትንሽ የተለየ መሰለኝ፣ ብዙ ጊዜ ያልተጠቀመበት ስለሆነ ይሆናል። የድንጋዩ በር ከመሬቱ ጋር እየተፋጨ መከፈት ጀመረ። ከውስጥ የእርጥብ ዐለት ሽታና ብርድ ወጣ።

ያየሁትን በልኩ መናገር አልችልም። ተራራው ባዶ ነው። ውስጡ ተፈልፍሎ ጣሪያው ከዓይን ርቋል፤ ከላይ ከየት እንደሆነ የማይታወቅ ውሃ ጠብ ይላል፣ እያንዳንዱ ጠብታ ከወደቀ በኋላ ድምፁ ዞሮ እስኪመለስ ይቆያል። በሺሕ የሚቆጠር ሰው የሚያስቀምጥ ደረጃ ዙሪያውን ተጠርቧል፤ ሁሉም ባዶ ነው። ከመሐሉ፣ በሩቅ፣ አንድ መብራት በርቷል። ከመብራቱ ሥር ጋቢ የደረቡ ሦስት ሰዎች ተቀምጠዋል። ወደ እነሱ ስንራመድ የእኛ የእግር ድምፅ የብዙ ሕዝብ ይመስል ነበር። ስንቀርብ በግራ ያለው ዳኛ ሲበላ የነበረውን ቆሎ በፍጥነት ወደ ኪሱ ሲከት አየሁት። ሰዎች ናቸው ብዬ ልቤ ሞቀ።

የመሐል ዳኛዋ ዳኛ ሙላቷ ይባላሉ፤ ሽበት የጀመራቸው፣ መነጽራቸውን ግንባራቸው ላይ የሰቀሉ ሴት ናቸው። መጀመሪያ ሲናገሩ ድምፃቸው አልወጣም፤ ጉሮሯቸውን ጠርገው እንደገና ጀመሩ። ለእማማ ወንበር እንዲመጣ አዘዙ። የሚያመጣ ሰው ስላልነበረ የቀኙ ዳኛ ራሱ ተነሥቶ አመጣ።

የጉባኤው ድምፅም እዚያ ነበር። ዳኛዋ ስንት ጊዜ እንደሚጠራ ጠየቁት። ሁለት ጊዜ አለ። በመጀመሪያዎቹ ዓመታት ሦስት ጊዜ ይጠራ እንደነበር፣ በሦስተኛው ጥሪ የቀረበ ባለጉዳይ ስላልተገኘ ሦስተኛው እንደቀረ አስረዳ። ዳኛዋ በመጀመሪያውና በሁለተኛውስ የቀረበ አለ ወይ ብለው ጠየቁ። የለም አለ።

«ታዲያ እነሱስ ለምን አልቀሩም?»

«ሕጉ ይጠራ ይላል።»

ዳኛዋ ወደ እማማ ዞረው፣ ይህን ጥያቄ ለምን እንዳመጡት ጠየቁ። እማማ ላቀች ወደ እኔ አላዩም። ያን ረቡዕ መቃብሩ ላይ እንደነበሩ ተናገሩ። ከልጃቸው ድንጋይ ሥር አረም እየነቀሉ ሳሉ ድምፁ መጥቶ ስሟን ጠራ። ደግሞ ጠራ። እሳቸው እጃቸው ላይ አረሙን እንደያዙ ቁጭ ብለው ሰሙት። ይህን ለእኔ ነግረውኝ አያውቁም ነበር።

«ሰምተው ዝም አሉ?» አሉ ዳኛዋ፣ በቀስታ።

«ሦስተኛውን ስጠብቅ ነበር፣ ልጄ። እኛ ዘንድ ያልታየ ጠሪ ሲጠራ እስኪሠልስ አቤት አይባልም። ሰው ከሆነ ይሠልሳል። ሁለት ጠርቶ ዝም የሚል ሰው አይደለም፤ ለእሱ አቤት ያለ ይዞት ይሄዳል። ሦስተኛውን ቢጠራ አለሁላት እል ነበር። ሳይጠራ ሄደ።»

ውሃው ጠብ አለ፤ የጠብታው ድምፅ ዞሮ ተመለሰ።

«ጉባኤው ምን ይላል?» አሉ ዳኛዋ።

«ሰው አለመሆኔ በትክክል ተገልጿል» አለ ድምፁ። «የቀረው በሥር ያልተነሳ ፍሬ ነገር ስለሆነ በዚህ ችሎት ሊሰማ አይችልም።»

 ትክክል ነበር። ሁልጊዜ ትክክል ነው። ተራራ ተወጥቶ፣ ወንፊት ታልፎ፣ የድንጋዩ በር ተከፍቶ፣ ነገሩ ሁሉ በዚያች ዓረፍተ ነገር የሚያልቅ መሰለኝ። ዳኛ ሙላቷ መነጽራቸውን ከግንባራቸው አውርደው አደረጉና ሕጉን በቃላቸው አሉት፤ የሚያነቡ ይመስል እጃቸውን ጠረጴዛው ላይ እያንሸራሸሩ።

«ሟች እንደ አገሩ ልማድ ይጠራል፤ ሲጠራም ራሱ ወይም የሚቆምለት ይመልሳል።» ከዚያ ወደ ግራ ዞሩ። «አንተ አገር ስንት ነው?»

«ሦስት» አለ ቆሎ የነበረው ዳኛ።

ወደ ቀኝ ዞሩ። የቀኙ ዳኛ እናቱ ከሦስተኛው በፊት አቤት ያለ ልጅ ጆሮውን ትቆነጥጥ እንደነበር ተናገረ። ዳኛዋ ፈገግ አሉ፤ ወዲያውም ፈገግታቸውን ሰበሰቡ።

«ሕጉ ልማድ ካለ ልማዱ ሕግ ነው። ሕግ ደግሞ በዚህ ችሎት ምስክር አያስፈልገውም።»

 ያ በከተማው ሁሉ የሚናገር፣ ሳልናገር የሚመልስልኝ ድምፅ፣ በዚያ ትልቅ ባዶ ውስጥ ዝም አለ። በዕድሜዬ ይህን ያህል ግዙፍ ነገር ሰምቼ አላውቅም።

ውሳኔው አጭር ነበር። ሦስተኛው ጥሪ ከቀረ ወዲህ የተጠሩ ሁሉ እንዳልተጠሩ ይቆጠራሉ፤ በአፈር ውስጥ ያሉት እንደገና በልማዱ ይጠሩ። የወረዱትን በሚመለከት ዳኛዋ ቆም አሉ። የጋራ ማረፊያው ስም ስለማይዝ ሊጠራ የሚችል የለም አሉ፤ ይህን ሲናገሩ ወደ ታች እያዩ ነበር።

ስንወጣ ጋሽ ነስሩ በሩ ላይ ይጠብቀን ነበር። የሆነውን ነገርኩት። ጮክ ብሎ አመስግኖ እማማን ትከሻቸውን ሳማቸው፤ ሰልፉ ላይ ላሉት ሁሉ እየዞረ ነገራቸው፤ ሰው ከድንጋዩ ላይ እየተነሳ ስንቁን ይሸክፍ ጀመር። ከዚያ ተመልሶ አጠገቤ ቆመ። ስለ ወረዱት ምን እንደተባለ ጠየቀኝ። ነገርኩት። ወንድሙ ከፋሲካ በፊት እንደወረደ ያኔ ነው ያወቅኩት፤ ያን ሁሉ ጊዜ ተራራው ላይ የተቀመጠው እንዲመለስለት ነው። ራሱን ነቀነቀ። ከኪሱ የቀረችውን ቆሎ አውጥቶ ሰጠኝና ቁልቁል ወረደ።

በሚቀጥለው ረቡዕ ላይኛው መቃብር ሰው መያዝ አቃተው። ሰዉ በየሐውልቱ አጠገብ ቆሟል፤ ነጠላ የለበሰ፣ ሻሽ ያሰረች፣ ቆብ የደፋ፣ የሥራ ልብስ ያላወለቀ። አውቶቡሱ መንገዱ ላይ ቆሞ ተሳፋሪው ወርዶ አጥሩን ያዘ። ድምፁ እንደ ወትሮው ሳይቸኩል መጣ። የመጀመሪያውን መቃብር ጠራ፤ ማንም አልመለሰም። ደግሞ ጠራ፤ ማንም አልመለሰም። ያ ሁሉ ሕዝብ፣ ማን እንዳዘዘው ሳይታወቅ፣ ትንፋሹን ይዞ ጠበቀ። ወፍ እንኳ ይሰማ ነበር። ከዚያ ብዙዎቻችን በሕይወታችን ሰምተነው የማናውቀው ሦስተኛው ጥሪ መጣ፤ ከሐውልቱ አጠገብ የቆሙ አንድ ሽማግሌ መለሱ።

ድምፁ እየቀረበ መጣ። ትጓደድ ጋ ሲደርስ እማማ ላቀች ቀጥ ብለው ቆሙ። ስሟን አንዴ ጠራ፣ ሁለቴ ጠራ።  ሦስተኛውን ጠራ።

«አለሁላት» አሉ እማማ ላቀች።

ድምፁ መለሰ።

«ወይዘሮ ትጓደድ ቀርበዋል። ጉዳያቸው እንደገና ይታያል።»

ሰማያዊው ክብ ከዳር ጀምሮ እየፈዘዘ ጠፋ። የምትቆይበት ምክንያት ይገኝላት አይገኝላት ገና አልታወቀም፤ ግን ቀርባለች። እማማ ላቀች ድንጋዩ ላይ ተቀመጡና በነጠላቸው ጫፍ ዓይናቸውን ጠረጉ።

ድምፁ ወደሚቀጥለው መቃብር አለፈ። የተሸራረፈች ትንሽ ድንጋይ ናት፤ ከጎናችን ስትኖር ማንም መጥቶላት አያውቅም። አቶ ደባልቄ የሚባል ሰው ጠራ። በአጠገቡ የቆመ አልነበረም። ደግሞ ጠራ። ሰዉ እርስ በርሱ ተያየ። ሦስተኛውን ሲጠራ ከኋላዬ አንድ ረጅም ሰው ሰዉን እየገፋ ወደ ፊት ወጣና ድንጋይዋ ላይ እጁን አሳረፈ።

«አለሁለት» አለ ጋሽ ነስሩ።

 ድምፁ አቶ ደባልቄ ቀርበዋል ብሎ አለፈ።

ጠጋ ብዬ በሹክሹክታ ያውቀው እንደሆነ ጠየቅኩት።

«ከየት ላውቀው?» አለ፣ ዓይኑን ከድንጋዩ ሳያነሳ። «ዝም በል እስቲ፣ ጉዳይ ላይ ነኝ።»